ቶም ዊልስ ፉቲን ፈጠረው ወይስ ከአቦርጂናሎች ወሰደው?

እኅቴ፣ ልጅሽ ስለ ቀደምት የፉቲ (የአውስትራሊያ እግር ኳስ) ተጫዋቾች ለሚጽፈው የትምህርት ቤት ሥራ ቶም ዊልስን መምረጡ ደስ ብሎኛል። «ጨዋታውን ራሱ ፈጠረው ወይስ ከአቦርጂናሎች (ከአውስትራሊያ ቀደምት ነዋሪዎች) ወሰደው? የቱን ይጻፍ?» ብለሽ ጠይቀሻል። የእኔም ትልቁ ልጅ ይህንኑ ሥራ ሠርቶ ስለነበር እኔና እሱ ብዙ አንብበንበታል። እኔ የምመክረው ከሁለቱ አንዱንም እንደ ተረጋገጠ እውነት አድርጎ እንዳይጽፍ ነው። (ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር አስቀምጬልሻለሁ።)

ዊልስ በ1835 በኒው ሳውዝ ዌልስ ተወለደ። ገና ትንሽ ልጅ ሳለ ቤተሰቡ ወደ ምዕራብ ቪክቶሪያ ስለ ሄደ ያደገው ጃብ ዉሩንግ በተባለው የአቦርጂናል ሕዝብ ምድር ላይ ነው። ከልጆቻቸው ጋር ይጫወት፣ ቋንቋቸውንም ይናገር ነበር። በ14 ዓመቱ አባቱ ወደ እንግሊዝ ልኮት በራግቢ ትምህርት ቤት ተማረ፤ የክሪኬት ቡድኑም አምበል ሆነ። በ1856 መጨረሻ ሲመለስ ብዙም ሳይቆይ በቪክቶሪያ ስመ ጥር የክሪኬት ተጫዋች ወጣው።

ፉቲ የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ጁላይ 10 ቀን 1858 በአንድ የሜልቦርን ጋዜጣ ላይ ባወጣው ደብዳቤ፣ የክሪኬት ተጫዋቾች በክረምት ሰውነታቸው እንዳይዝል የእግር ኳስ ክለብ እንዲያቋቁሙ ሐሳብ አቀረበ። በኦገስት 7 ሜልቦርን ግራመርና ስኮች ኮሌጅ የተባሉት ትምህርት ቤቶች በየወገናቸው 40 ተጫዋች አሰልፈው ሲገጥሙ ከዳኞቹ አንዱ እሱ ነበር። ያ ግጥሚያ በሦስት ቅዳሜዎች ተጫውተውት አንድ ለአንድ አለቀ።

ልጅሽ ሰፋ አድርጎ እንዲጽፍበት የምፈልገው ግን ሜይ 17 ቀን 1859 የሆነውን ነው። ዊልስ፣ ዊልያም ሐመርስሊ፣ ጄምስ ቶምፕሰንና ቶማስ ስሚዝ ተሰብስበው አሥር ደንቦችን ጻፉ። ኳሱን በእጅ መወርወር ተከለከለ፤ ከእግር የተመታን ኳስ በአየር ላይ የቀለበ ተጫዋች «ማርክ» ብሎ ያለ ከልካይ እንዲመታ ተፈቀደለት፤ በራግቢ ትምህርት ቤት የተለመደው የተጋጣሚን ቅልጥም በጫማ መምታትም ቀረ። ኦፍሳይድ የሚባል ነገር አልተጻፈም። ዛሬ ልጆቻችን በሜዳው ሁሉ ተበታትነው የሚጫወቱት በዚህ ምክንያት ነው። ዊልስ ከራግቢ ያመጣቸውን አንዳንድ ልማዶች ለማስገባት ቢፈልግም ጓደኞቹ አልተቀበሉትም። ስለዚህ «ብቻውን ፈጠረው» የሚለው አባባል ራሱ ከተገኘበት ስብሰባ ጋር ይጋጫል። የአክስቱ ልጅ ሄንሪ ሃሪሰን በ1866 ደንቡን ሲያሻሽል ትልቅ ድርሻ ነበረው፤ ለረጅም ዘመን «የጨዋታው አባት» ሲባል የኖረውም ሃሪሰን ነው።

ተጫዋችነቱም እንዳይረሳ። በጂሎንግ በአምበልነት ቡድን መርቷል፤ ብልሃተኛም ነበር። በአንድ ወቅት ነፋሱ ለተጋጣሚው ለባላራት ሲያግዝ፣ ጎል እንዳይገባበት ተጫዋቾቹን በሙሉ ወደ ኋላ ሰብስቦ ተመልካቹን አስቆጥቷል።

ወደ ጥያቄሽ ልመለስ። የምዕራብ ቪክቶሪያ ሕዝቦች ማርንግሩክ የሚባል፣ ከፖሰም ቆዳ በተሠራ ኳስ የሚጫወቱት፣ ከፍ ብሎ መዝለል ያለበት ጨዋታ ነበራቸው። ዊልስ ልጅ ሆኖ አይቶት ይሆናል ብሎ መገመት ምክንያታዊ ነው። ይሁን እንጂ ፉቲን ከእሱ እንደ ወሰደ የሚናገር የራሱ ጽሑፍ አልተገኘም። የታሪክ ጸሐፊዎችም እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል። ልጅሽ ክርክሩ መኖሩን ራሱን ይጻፍ፤ የእኔ ልጅ እንደዚያ ጽፎ መምህሩ ወደውለታል።

አንድ ነገር ግን እንዳይዘለል። በኦክቶበር 1861 በኩዊንስላንድ ኩሊን ላ ሪንጎ በተባለ ስፍራ አባቱን ጨምሮ 19 ሰዎች በአቦርጂናሎች ተገደሉ። ዊልስ ዕቃ ሊያመጣ ሄዶ ስለነበር ተረፈ። ነጮቹ በበቀል እጅግ ብዙ አቦርጂናሎችን ፈጁ። ዊልስ በበቀሉ እንደ ተሳተፈ የሚናገር የ1895 የአሜሪካ ጋዜጣ በ2021 ተገኝቶ ሌላ ክርክር አስነስቷል። ይኸው ሰው በ1866 የአቦርጂናል ክሪኬት ቡድን አሠልጥኖ፣ በገና ማግሥት በኤም ሲ ጂ (በሜልቦርን ክሪኬት ሜዳ) በሺዎች ፊት አሰልፏል። እኔ ሁለቱን አስታርቄ መናገር አልችልም፤ ልጅሽም እንዲያስታርቃቸው አይገደድ፣ ጎን ለጎን ያስቀምጣቸው።

አሟሟቱን በተመለከተ፣ መጠጥ ጎድቶት ታምሞ በ1880 በ44 ዓመቱ በሃይደልበርግ ሕይወቱን በገዛ እጁ አጠፋ። መቃብሩ እስከ 1980 ድረስ ሐውልት አልነበረውም። እኔ ለልጄ በመጠጥ ምክንያት እጅግ ታምሞ ሞተ ብዬ ብቻ ነግሬዋለሁ፤ ለዕድሜው ይበቃ ነበር። የአንቺን ልጅ አንቺ ታውቂዋለሽ።

ከተመቻችሁ ኤም ሲ ጂ ውሰጂው። የ1858ቱን ግጥሚያ ሲዳኝ የሚያሳየው ሐውልት ከስታዲየሙ ውጭ ስለ ቆመ ክፍያ የለውም። የ1859 ደንቦች የተጻፉበት ወረቀት ግን በውስጥ ባለው የስፖርት ሙዚየም ነው። ጨዋታ ባለባቸው ቀናት የአገባቡ ሁኔታ ስለሚለያይ ከመሄዳችሁ በፊት ሰዓቱን አረጋግጪ።