ይፈጥናል ብላችሁ ብቻ ፋይል ማፕ አታድርጉ

እናንተ ኮዲንግ የጀመራችሁ የድሬ ልጆች፣ እስኪ አንዴ ስሙኝ። እኔ ለነጋዴ የሂሳብና የስቶክ ፕሮግራም ስጽፍ ነው ያረጀሁት፣ ከዩኒቨርስቲ የወጡ ልጆች ከዚራ ቢሮዬ ብቅ ይላሉ፣ እና ትልቅ ፋይል አንብቡ ሲባሉ ሁሉም አንድ መልስ ነው ያላቸው፣ «ጋሼ ኤምማፕ እናድርገው፣ ይፈጥናል»። (ማፕ ማለት ፋይሉን ከፕሮግራሙ የሚሞሪ አድራሻ ጋር አያይዞ እንደ ሚሞሪ ማንበብ ነው።) ለምን ይፈጥናል ስላቸው ዝም። አቦ!

ነገሩ እንዲህ ነው። በተራው መንገድ ስታነቡ ኦፐሬቲንግ ሲስተሙ ፋይሉን ከዲስክ መጀመሪያ ወደ ራሱ ካሽ (ራም ላይ ያለ ጊዜያዊ ማቆያው) ያመጣዋል፣ ከዛ ደግሞ ወደ እናንተ በፈር፣ ማለት ፕሮግራማችሁ ወዳዘጋጀው ቦታ፣ ይገለብጠዋል። ማፕ ስታደርጉት ያ ሁለተኛው ግልበጣ ይቀራል፣ ፋይሉን ልክ እንደ አሬይ ትነኩታላችሁ፣ ያልነካችሁት ክፍል ግን ገና ራም ላይ የለም፣ ስትነኩት ነው ፔጅ ፎልት (የጎደለውን አምጣ የሚል ጥሪ) ተነስቶ የሚመጣው፣ የሚመጣውም በፔጅ፣ በቁራጭ ቁራጭ ነው፣ አብዛኛው ፒሲ ላይ ፔጁ 4 ኪሎባይት ነው፣ አዲሶቹ የአፕል ሲሊከን ማኮች ላይ 16። እዚህም እዚያም የምትዘሉበት ኢንዴክስ ከሆነ ወይ ሁለት ሶስት ፕሮግራም አንዱን ፋይል የሚያነቡ ከሆነ በጣም አሪፍ ነው (የዊንዶውስ ዲኤልኤልም የሊኑክስ ሼርድ ላይብረሪም ሲጫን በዚሁ መንገድ ነው፣ ለዛ ነው ብዙ ፕሮግራም አንዱን ኮድ ራም ላይ የሚጋራው)። ከላይ እስከ ታች አንዴ አንብባችሁ የምትዘጉት ከሆነ ግን ተራው ሪድ አያንስም፣ አንዳንዴ እንደውም ይበልጣል።

ማፕ ማድረግ ካለባችሁ ላይብረሪ ተጠቀሙ፣ ራሳችሁ አትጻፉት። ዊንዶውስ ላይ ክሪኤት ፋይል ማፒንግ ብላችሁ ከዛ ማፕ ቪው ኦፍ ፋይል ነው፣ ሊኑክስና ማክ ላይ ኤምማፕ ነው፣ እና ልዩነቱ ስም ብቻ አይደለም። ከፋይሉ መሀል መጀመር ከፈለጋችሁ ሊኑክስ ላይ መነሻው የፔጅ ብዜት ይሁን እንጂ ይበቃል፣ ዊንዶውስ ላይ ግን የ64 ኪሎባይት ብዜት ካልሆነ እምቢ ይላል። ልጆቹ ላፕቶፓቸው ላይ ኡቡንቱ ነው ያላቸው፣ ነጋዴው ጋ ያለው ዊንዶውስ ነው፣ ጣጣው እዛ ይጀምራል። ሲፕላስፕላስ ከሆነ ቡስት አለ፣ ፓይተንና ጃቫ የራሳቸው አላቸው፣ ዶትኔት ከ2010 ጀምሮ አለው፣ ራስት ላይ ሜምማፕ2 አለ። ጃቫ ላይ ብቻ አንድ ነገር ልብ በሉ፣ በድሮው መንገድ ማፑ የሚለቀቀው ጋርቤጅ ኮሌክተሩ (የማያስፈልግ ሚሞሪ የሚያጸዳው) ደስ ሲለው ነው፣ እስከዛ ዊንዶውስ ፋይሉን አላስጠፋም ይላችኋል፣ በ2024 ከወጣው ጃቫ 22 ወዲህ ነው በፈለጋችሁት ሰዓት መልቀቅ በቋሚነት የተቻለው።

አሁን ላይብረሪው የማይደብቅላችሁን ልንገራችሁ። ተራ ሪድ ሲበላሽ ኢረር ይመልሳል፣ እናንተም ትይዙታላችሁ። ማፕ ከተደረገ ግን ኢረሩ የሚመለስበት ቦታ የለም፣ አንድ ተራ ቫሪያብል ያነበባችሁ የሚመስል መስመር ላይ ነው የሚፈነዳው። ታይዋን ገበያ አንድ ባለሱቅ ጋ ሌላ ሰው የሰራው የስቶክ ፕሮግራም የዕቃ ዝርዝሩን ከፍላሽ ላይ ማፕ አድርጎ ነበር የሚከፍተው፣ የባለሱቁ ልጅ ዘፈን ልጫንበት ብሎ ፍላሹን ነቀለው፣ ቀጣዩን ዕቃ ሲፈልጉ ፕሮግራሙ ድርግም። ኮዱን አየሁት፣ ኢረር መያዣው በየቦታው አለ፣ ፋይል መክፈት ላይ፣ መዝጋት ላይ፣ ግን አንዱም እዛ ጋ አይደርስም። ሊኑክስ ላይ ቢሆን ሲግባስ ይባላል፣ ፕሮግራሙን የሚገድል ሲግናል ነው፣ ሌላ ፕሮግራም ፋይሉን ከስር ቢያሳጥረውም ያው ነው። ስለዚህ ፍላሽና ኔትወርክ ላይ ያለ ፋይል ማፕ አታድርጉ፣ በቃ።

መጻፍ ደግሞ ይብሳል። መብራት መቼ እንደሚሄድ እኛ እናውቃለን? ማፕ ላይ የጻፋችሁትን ሲስተሙ በፈለገው ሰዓት፣ በፈለገው ቅደም ተከተል ነው ዲስክ ላይ የሚያወርደው፣ ሂሳቡ ተዘግቷል የሚለው ቀድሞ ወርዶ ሂሳቡ ራሱ ሊቀር ይችላል። ዊንዶውስ ላይ ወደ ዲስክ አውርድ የሚለውን ፍላሽ ቪው ኦፍ ፋይል የሚባል ፋንክሽን ጠርቻለሁ አትበሉኝ፣ እሱ ብቻውን ዲስኩ ላይ መድረሱን አያረጋግጥም፣ ፍላሽ ፋይል በፈርስ የሚባለውም ያስፈልጋል። ኤስኪውላይት የሚባለው ዳታቤዝ እንኳን ከ2013 ጀምሮ ማፕ ማድረግ እየቻለ ከፋብሪካው ሲወጣ ዝግ ነው፣ ቢከፈትም ለንባብ ነው፣ ሲጽፍ በተራው መንገድ ነው። ሌላው ዳታቤዝ ሞንጎዲቢም በማፕ ይሰራ የነበረውን የድሮ ኢንጂኑን በ2019 ጨርሶ አውጥቶ ጥሎታል። እነሱ የፈሩትን እናንተ ለሱቅ ሂሳብ አትድፈሩት፣ ኤስኪውላይት ተጠቀሙና ተኙ።

ባለ 32 ቢት ዊንዶውስ አሮጌ ዴስክቶፕ አሁንም በየሱቁ አለ፣ እዛ ላይ አንድ ፕሮግራም በተለምዶ የሚደርሰው 2 ጊጋባይት አድራሻ ነው፣ ትልቁን ፋይል ሙሉውን ሳይሆን ቁራጭ ቁራጩን ማፕ አድርጉ።

እና አንድ ላይብረሪ ከመምረጣችሁ በፊት ሶርሱን ክፈቱት፣ ትንሽ ነው፣ አንድ ከሰዓት አይፈጅም፣ በዛ ሙቀት ደግሞ የትም አትሄዱም። ባዶ ፋይል ሲሰጡት ምን እንደሚያደርግ መጀመሪያ ፈልጉ፣ ዜሮ ባይት ፋይል ሊኑክስም ዊንዶውስም ማፕ አላደርግም ይላሉ፣ ፓይተንም ኢረር ያነሳል፣ አዲስ የተከፈተ ሱቅ የመጀመሪያ ቀን ፋይሉ ደግሞ ባዶ ነው። ከዛ መነሻውን ወደ 64 ኪሎባይቱ የሚያስተካክልበትን መስመር እዩ፣ ከዛ ሲዘጋ ማፑን በእርግጥ እንደሚለቅ እዩ። ከሶስቱ አንዱ እንኳን ከጎደለበት ሌላ ፈልጉ። ያልገባችሁ ካለ ከሰዓት በኋላ ቢሮ ነኝ፣ ጥዋት ጥዋት ደንበኛ ጋ ነው የምውለው።