የቤቴል ቁልፍ፦ ስለ ቢሾፕ ሪቻርድ አለን ለወጣቶች

በየጉባኤውና በየማኅበሩ ጸሐፊ፣ ገንዘብ ያዥና የቦርድ አባል ሆናችሁ ለምታገለግሉ ልጆቼ፤

በሕግ ሙያ ካሳለፍሁት ዘመን አብዛኛው ያለፈው የአብያተ ክርስቲያናትን፣ የዕድሮችንና የመረዳጃ ማኅበራትን መተዳደሪያ ደንብ በማርቀቅ፣ በደንቡም ምክንያት የተጣሉትን በማስማማት ነው። ከእናንተ ጋር ስንወያይ አንዳንዶቻችሁ፣ «እኛ የመጣነው ልናገለግል ነው፤ ወረቀቱን ሌላ ሰው ይይዝልናል» ስትሉ ሰምቻለሁ። መልሴ የአንድ ሰው ሕይወት ነው፤ የአፍሪካ ሜቶዲስት ኤጲስቆጶሳዊት ቤተ ክርስቲያን የመጀመሪያ ቢሾፕ የሆኑት የሪቻርድ አለን ሕይወት።

አለን እ.ኤ.አ. በ1760 በባርነት ተወለዱ። አሜሪካ ውስጥ በዴላዌር ግዛት ይኖር የነበረው ጌታቸው ስቶክሊ ስተርጂስ ዕዳ ሲበዛበት እናታቸውንና ከልጆቿ ሦስቱን ሸጠ። ወጣቱ አለን ከፕሮቴስታንት ወገን በሆኑት በሜቶዲስቶች ስብከት ካመኑ በኋላ ሰባኪዎች ወደ ጌታቸው ቤት እንዲመጡ አስፈቀዱ፤ ፍሪቦርን ጋሬትሰን የተባለው ሰባኪም «በሚዛን ተመዘንህ፥ ቀልለህም ተገኘህ» ከሚለው የዳንኤል ቃል ተነሥቶ ሲሰብክ፣ ስተርጂስ ሰውን በባርነት መያዝ ኃጢአት መሆኑን አመነ። ሆኖም በነጻ አልለቀቃቸውም፤ ራሳቸውን በ2000 ዶላር የወረቀት ገንዘብ እንዲገዙ ተስማማ። አለን እጃቸው ተልጦ መጨበጥና መዘርጋት እስኪያቅታቸው ድረስ እንጨት ፈለጡ፣ በጡብ ማምረቻ ሠሩ፣ በአሜሪካ የነጻነት ጦርነት ጊዜ የጨው ጋሪ ነዱ፤ በየመንገዱም እየቆሙ ሰበኩ።

ነጻ ከወጡ በኋላ በ1785 የአሜሪካ ሜቶዲስቶች መሪ የነበሩት ታላቁ ቢሾፕ ፍራንሲስ አስበሪ አብረዋቸው እንዲጓዙ ጠየቋቸው። ክፍያው ምግብና ልብስ ነበር፤ በደቡብ ግዛቶች ደግሞ ከባሪያዎች ጋር እንዳይቀላቀሉና ብዙ ጊዜ በሠረገላው ውስጥ እንዲያድሩ ይጠበቅባቸው ነበር። አለን፣ ብታመም ማን ያስታምመኛል ብለው ጠየቁና ጥያቄውን አልተቀበሉም። ይህን ድፍረት እጅግ አከብራለሁ። በፊላደልፊያ ጫማ በመስፋትና የጭስ ማውጫ በማስጠረግ ሥራ ራሳቸውን ችለው ስለ ኖሩ፣ ደመወዝህን እናቋርጣለን ብሎ ሊያስፈራራቸው የሚችል ሰው አልነበረም።

በዚያች ከተማ በቅዱስ ጊዮርጊስ ሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ሲሰብኩ የጥቁር አማንያን ቁጥር በዛ። አንድ ቀን በጸሎት መካከል የቤተ ክርስቲያኑ ነጭ ኃላፊዎች የአለንን ባልደረባ አብሳሎም ጆንስን ከተንበረከኩበት ጎትተው ሊያስነሡ ሲሞክሩ ጥቁሮቹ በአንድነት ወጡ። አለን አሮጌ የብረት ቀጥቃጭ መሥሪያ ቤት ገዝተው፣ በፈረሶቻቸው አስጎትተው በራሳቸው መሬት ላይ አቆሙት። በ1794 አስበሪ መርቀው ከፈቱት፤ ስሙም ቤቴል ተባለ። አብዛኞቹ ወንድሞቻቸው ወደ ሌላ ቤተ እምነት ሲሄዱ እንኳ አለን ሜቶዲስትነታቸውን አልተዉም።

አሁን ወደ ሙያዬ ልምጣ። በ1796 ቤቴል በሕግ ስትመዘገብ ሰነዱን የጻፈው ከነጮቹ ሜቶዲስት አገልጋዮች አንዱ ነበር። አለን በኋላ እንደ ጻፉት፣ ስለ ምዝገባ ሕግ አያውቁም ነበርና በደስታ ተስማሙ፤ በዚያ ወረቀት ግን ንብረታቸው ሁሉ ነጮቹ በሚመሩት የሜቶዲስት ጉባኤ ሥር ገባ። አሥር ዓመት ያህል ማንም አላስተዋለም። ከዚያ አዲስ የተሾመ የሜቶዲስት ሽማግሌ፣ ማለትም ኃላፊ አገልጋይ፣ መጥቶ የቤተ ክርስቲያኑን ቁልፍና መዝገብ አምጡ አለ፤ ያለ እርሱ ትእዛዝም ስብሰባ ከለከለ። በገዛ ላባቸው በሠሩት ቤት እንግዳ መሆናቸውን ያወቁት ያን ጊዜ ነው።

ይህን ስጽፍ የራሴ ጥፋት ይታወሰኛል። ሕግ ሳልማር የአንድ ማኅበር ጸሐፊ ሆኜ፣ ከሌላ ድርጅት የተገለበጠ ደንብ ሳላነብ ፈርሜያለሁ። ማኅበሩ ቢፈርስ ንብረቱ ለማን ይተላለፋል በሚለው አንቀጽ የዚያ ድርጅት ስም ሳይለወጥ መቅረቱን ያወቅነው ከስድስት ዓመት በኋላ ነበር፤ ለማስተካከልም አባላቱ በችግር ያዋጡት ገንዘብ አለቀ። ስለዚህ አደራ የምላችሁ፣ ከመፈረማችሁ በፊት መሬቱ በማን ስም እንደ ሆነ፣ ደንቡን ማን በስንት ድምፅ ሊለውጠው እንደሚችል፣ ቁልፉና መዝገቡም በማን እጅ እንደሚቀመጥ ጽሑፉ ላይ ጣታችሁን አድርጋችሁ አሳዩኝ ብላችሁ ጠይቁ።

አለን አልተሳደቡም፤ ሕግ ዐዋቂ አማከሩ። በ1807 «የአፍሪካውያን ተጨማሪ ደንብ» የተባለውን ማሻሻያ በሁለት ሦስተኛ አባላት ስምምነት አጸደቁና የንብረቱን ሥልጣን መለሱ። ተቃዋሚዎቻቸው አልተኙም፤ በ1815 ሕንፃው ለጨረታ ሲቀርብ አለን ከ10 ሺህ ዶላር በላይ ሰጥተው ገዙት። በ1816 መጀመሪያ የፔንሲልቬንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለቤቴል ፈረደ። በዚያው ዓመት ሚያዝያ ላይ ከልዩ ልዩ ከተሞች የመጡ ጥቁር ሜቶዲስቶች ተሰብስበው የራሳቸውን ቤተ ክርስቲያን መሠረቱ፤ አለንም ቢሾፕ ሆነው ተሾሙ። አስበሪ ያረፉት ከዚያ ጥቂት ቀናት ቀደም ብሎ ነው። ከ80 ዓመት በኋላ ደግሞ በደቡብ አፍሪካ ማንጌና ሞኮኔ የተባሉ አገልጋይ የመሠረቷት፣ «ኢትዮጵያ እጆችዋን ወደ እግዚአብሔር ትዘረጋለች» ከሚለው መዝሙር ጋር ስሟ የተያያዘው «የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን» ከዚህችው ቤተ ክርስቲያን ጋር ተዋሐደች፤ ይህን ሳስብ ሁልጊዜ ልቤ ይነካል።

አንድ ነገር ግን ልጨምር፤ ደንብ ማክበርን ካስተማርኋችሁ በኋላ በደንብ ተደብቃችሁ ሰው እንዳትበድሉ ስለምፈራ ነው። ጄሬና ሊ የተባለች ሴት እንድትሰብክ አለንን ስትጠይቃቸው፣ የሜቶዲስት ሥርዓት ስለ ሴት ሰባኪ አይናገርም ብለው መልሰዋት ነበር። ከስምንት ዓመት በኋላ በቤቴል የሚሰብከው ሰው ቃል ሲያጥረው፣ እርስዋ ከመቀመጫዋ ተነሥታ ከዮናስ ታሪክ ስብከቱን ቀጠለች። ስትጨርስ ከቤተ ክርስቲያን እባረራለሁ ብላ ፈርታ ተቀመጠች። ቢሾፑ ግን በሕዝቡ ፊት ቆመው፣ ይህች ሴት ከስምንት ዓመት በፊት ጠይቃኝ ነበር፣ እኔም ከልክያት ነበር፤ አሁን ግን በዚያ ካሉት ሰባኪዎች እንደ ማንኛቸውም ለዚህ ሥራ መጠራቷን አምናለሁ ብለው መሰከሩላት።