ሁሉም ቆሞ የሚጠብቅበት ፍልሚያ

ጥያቄ፦ በዩኒቲ (የጌም መሥሪያ ሶፍትዌር) የሰይፍ ፍልሚያ ጌም እየሠራሁ ነው። ጠላት ሲሰነዝር ተጫዋቹ በተኑን በሰዓቱ ከተጫነ ምቱን መክቶ ወዲያው ይገድለዋል። ጓደኞቼ ሲሞክሩት ግን ማንም ቀድሞ አያጠቃም፤ ቆመው ይጠብቃሉ። ጠላቱን ባፈጥነው ይሻላል? (አንባቢ፣ ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ አይሻልም። ካፈጠኑት ይበልጥ ተጠንቅቀው ይጠብቃሉ። ጓደኞችዎ ሰንፈው አይደለም፤ ሒሳቡን አስልተውታል። ቀድሞ ማጥቃት ሦስት አራት ምት ይፈጃል፣ ለአደጋም ያጋልጣል፤ መጠበቅ ግን በአንድ በተን ይገድላል። እ.ኤ.አ. በ2007 የወጣው የመጀመሪያው አሳሲንስ ክሪድ የተባለው ጌምም የተተቸው በዚሁ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2010 በወጣው የዚሁ ጌም ተከታይ ብራዘርሁድ ላይ አንዱን ከገደሉ በኋላ ወደሚቀጥለው ዞሮ በአንድ ምት መጣል ሲቻል ማጥቃትም የሚያዋጣ ሆነ።

ስለዚህ መጀመሪያ ግድያውን ከመመከቱ ላይ ያንሱት። የተሳካ መመከት ጠላቱን ለ1 ሰከንድ ያህል ያንገዳግደው፤ ገዳዩን ምት ተጫዋቹ ራሱ ይሰንዝር። ቀጥሎ መጠበቅን ዋጋ ያስከፍሉት። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣው ሴኪሮ የተባለው ጌም በምትም በመመከትም የሚሞላ የጠላት ሚዛን መለኪያ አለው፤ ሲሞላ ጠላቱ ለገዳዩ ምት ይጋለጣል፤ ተጫዋቹ ካፈገፈገ መለኪያው ይጎድላል። በእኛ አስተያየት ከሁሉም የተሻለው መፍትሔ ይኸኛው ነው፤ እዚያ መመከት ራሱ ጥቃት ነውና። የማይመከት ምት ያለው ጠላትም ይጨምሩ፣ ግን ከአራት አንድ ይበቃል። ከበዛ የመመከቻው በተን ጌጥ ሆኖ ይቀራል።

ጥያቄ፦ የመመከቻው ጊዜ 6 ፍሬም (ስክሪኑ ላይ በተከታታይ የሚቀያየር ምስል) ነው። በኮምፒውተሬ ልክ ነው፤ በስልክ ሲሞክሩት ግን አንዱ በጣም ቀለለኝ ይላል፣ ሌላው «ተጭኜ ነበር እኮ!» ብሎ ይናደዳል። (አንባቢ፣ ከዋሽንግተን ዲሲ)

መልስ፦ ሁለቱም እውነታቸውን ነው። 6 ፍሬም በሰከንድ 60 ፍሬም ሲሄድ 0.1 ሰከንድ ነው፤ ስልኩ ወደ 30 ሲወርድ 0.2 ይሆናል። ፍሬም መቁጠሩን ትተው በሰከንድ ይለኩ። በተኑ የተጫነበትን ሰዓት ይመዝግቡ፤ ምቱ ሲያርፍ ልዩነቱ ከ0.2 ካልበለጠ ተመክቷል። ለከባዱ ደረጃ 0.1 ያድርጉት።

የተናደደው ተጫዋች ምናልባት የተጫነው የራሱ የሰይፍ ምት አኒሜሽን ሳያልቅ ነው፤ ጌሙም ትእዛዙን ጥሎታል። መጫኑን ለ0.15 ሰከንድ ያህል ይዞ የሚያቆይ ኮድ ይጻፉ፤ አኒሜሽኑ ሲፈቅድ ይፈጸም። የምት ዝግጅቱንም፣ ማለትም ጠላቱ ሰይፉን ማንሣት ከጀመረበት ምቱ እስኪያርፍ ያለውን ጊዜ፣ ይፈትሹ። ሰው ላየው ነገር ምላሽ ለመስጠት 0.25 ሰከንድ ገደማ ይወስድበታል፤ የስክሪኑ መዘግየት ሌላ 0.1 ሊጨምር ይችላል። ከ0.4 ያጠረ ዝግጅት ግምት እንጂ ፍልሚያ አይደለም። ለተራ ጠላት ከ0.5 እስከ 0.6 ይስጡ፦ ሰይፉ ቀስ ብሎ ይነሣ፣ ቶሎ ይረፍ።

ጊዜው ሰፋ ሲል ደግሞ በተኑን የሚደበድቡ ይመጣሉ። ያልተሳካ መጫን ቀጣዩን መመከት ለ0.4 ሰከንድ ይዝጋው። በማቆያው የተያዘው መጫን ግን እንደ ስህተት እንዳይቆጠር፤ አለዚያ አንዱን ሲጠግኑ ሌላውን ያበላሻሉ።

ጥያቄ፦ አራት ጠላት በአንዴ ሲሰነዝርስ? (አንባቢ፣ ከባሕር ዳር)

መልስ፦ አይሰንዝሩ። ጠላቶቹን የሚያዝ አንድ ስክሪፕት (የኮድ ፋይል) ይኑር፤ የማጥቃት ፈቃድ የሚሰጠው እሱ ብቻ ነው። በመጀመሪያው ምዕራፍ አንድ ፈቃድ፣ በኋላ ሁለት፤ በሁለት ምቶች መካከል ቢያንስ 0.3 ሰከንድ። ከካሜራው ውጭ ላለ ጠላት አይስጡ፤ ከሰጡም ቀድሞ የሚሰማ ድምፅ ይኑረው። እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣው ባትማን፦ አርካም አሳይለም ጌም ሊመታ በተነሣ ጠላት ራስ ላይ ምልክት ይታያል። እርስዎም ምልክት ካደረጉ በቀለም ብቻ አይለዩት፤ ቀይና አረንጓዴ የማይለይ ተጫዋች ብዙ ነው፣ ቅርጹም ይለያይ።