«ሬሳው መጣ» እያሉኝ ነው

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ጅማ ሂርማታ አካባቢ አዳራሽ ተከራይቼ ቅዳሜ ቅዳሜ የተመረጡ የውጭ ፊልሞች አሳያለሁ። ባለፈው ክረምት ጓደኞቼ በሠሩት አጭር አስፈሪ ፊልም ላይ ከመቃብር የሚነሳ ሬሳ ሆኜ ተጫወትኩ። አሁን ደንበኞቼ በር ላይ ሲያዩኝ «ሬሳው መጣ» ይላሉ። አጎቴም «ቁም ነገር የሚያሳይ ሰው ራሱን መቀለጃ አያደርግም» ብሎ ተቆጥቶኛል። የስዊድናዊውን ዳይሬክተር የበርግማንን ፊልሞች ለአሜሪካ ያከፋፈለ አንድ ሰው ራሱ በአስፈሪ ፊልሞች ይተውን ነበር ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው?

መልስ፦ እውነት ነው፣ ልጄ። ብራያንት ሃሊዴይ ይባላል፤ በ1928 ተወልዶ በ1996 ፓሪስ ያረፈ አሜሪካዊ ነው (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ያዝልኝ)። አጎትህ ይህን ቢሰማ «አከፋፋዩ ወደ ትወና ወረደ» ማለቱ አይቀርም። ነገሩ ግን ተገላቢጦሽ ነው፤ ሰውየው መጀመሪያውኑ ተዋናይ ነበር።

ሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ ሳለ ከጓደኞቹ ጋር እዚያው አሜሪካ ካምብሪጅ ከተማ ባለው ብራትል አዳራሽ ቴአትር ይሠራ ነበር። ቴአትር ገንዘብ እንዴት እንደሚበላ በኪነት ቡድን ያለፍን የጅማ ልጆች እናውቀዋለን፤ የእነሱም ቡድን ብዙ አልገፋም። በ1953 ሃሊዴይና ሳይረስ ሃርቪ የተባለ ባልደረባው አዳራሹን ሲኒማ ቤት አደረጉት። እኔን የገረመኝ ፕሮጀክተሩ የተተከለበት ቦታ ነው፤ ከተመልካቹ ኋላ መሆኑ ቀርቶ ከስክሪኑ ጀርባ! በወጣትነቴ እዚሁ ከተማ ፕሮጀክተር ክፍል ውስጥ ስለሠራሁ እንዲህ ያለ ነገር ስሰማ እጄን ያሳክከኛል። የእኛ ፊልም ከአዲስ አበባ በአውቶቡስ ጣሪያ ላይ በቆርቆሮ ተጭኖ ነበር የሚመጣው። አንድ ክረምት ጊቤ ቁልቁለት ላይ መኪናው ተበላሽቶ የመጨረሻው የፊልም ጥቅል ከሁለተኛው ቀድሞ ደረሰና እንደመጣው አሳየነው። የሞተው ወንበዴ ተነስቶ ሲጋልብ ሕዝቡ አጨበጨበ እንጂ የጠየቀ አልነበረም።

ወደ ሃሊዴይ ልመለስ። በ1956 እሱና ሃርቪ ጃነስ ፊልምስ የተባለውን አከፋፋይ ድርጅት አቋቋሙ። የበርግማንን «ሰባተኛው ማኅተም» ለአሜሪካ ተመልካች ያደረሰው ይህ ድርጅት ነው፤ የጣሊያናዊው የፌሊኒም የፈረንሳዊው የትሩፎም ሥራ በእሱ በኩል አልፏል። በ1960ዎቹ አጋማሽ ለሌሎች ሸጡት፤ ስሙ ግን እስከ ዛሬ አለ።

አስፈሪ ፊልሞቹ የመጡት ጃነስ ከተቋቋመ በኋላ ነው፤ አራቱንም ያሠራው ሪቻርድ ጎርደን የተባለ ፕሮዲውሰር ነው። በ1964ቱ «ዴቪል ዶል» ሃሊዴይ አፉን ሳያንቀሳቅስ አሻንጉሊት የሚያናግር፣ ሰውን በዓይኑ የሚያፈዝ የመድረክ ሰው ሆነ፤ አሻንጉሊቱ ውስጥ የሰው ነፍስ ታስሯል። በዓመቱ ደግሞ በአፍሪካ ምድር አንበሳ ገድሎ እርግማን የሚከተለው አዳኝ ሆኖ መጣ። (እኛ ዘንድ ድሮ አንበሳ የገደለ ይፎከርለት ነበር እንጂ መች ይረገም ነበር? ታሪኩን የጻፈው ሰው አንድ ሽማግሌ እንኳ አልጠየቀም።) አራተኛው በ1972 ወጣ።

እኔ የምወደው ሦስተኛውን፣ የ1966ቱን ነው። እዚያ ላይ ራሱን በማሽን ከቦታ ወደ ቦታ ሊልክ የሞከረ ሳይንቲስት ነው፤ ሙከራው ይከሽፍና የፊቱ አንድ ጎን ተበላሽቶ ይወጣል። ጃነስ ማለት የሮማውያን ባለ ሁለት ፊት አምላክ መሆኑን ልብ በል። ይህን አስቦ ይሁን ሳያስብ ለድርጅቱ ያወጣው ስም ፊቱ ላይ መጣበት።

ፊልሞቹ ጥሩ ናቸው ወይ ካልከኝ፣ «ዴቪል ዶል» ለእሱ ዓይኖች ሲባል ይታያል፤ ሌሎቹ እንደነገሩ ናቸው። ሰውየው ግን ሲጫወት አይሽኮረመምም፤ «ከዚህ የተሻለ ፊልም አውቃለሁ» የሚል ፊት አያሳይህም።

አንተም «ሬሳው መጣ» የሚሉህ ትኬት ቆርጠው ከገቡ ይበሉህ። ይልቅ ያንን አጭር ፊልም በሚቀጥለው ቅዳሜ ከዋናው ፊልም በፊት አሳየው፤ አጎትህን ጋብዘህ ከፊት ወንበር አስቀምጠው።