ሕፃኑ ለምን ይበረግጋል? ስለ ጨቅላ ሕፃናት ሪፍሌክሶች ለቀረቡ ጥያቄዎች የተሰጡ መልሶች

በዚህ ሰሞን ከደረሱኝ ጥያቄዎች አብዛኞቹ ስለ ጨቅላ ሕፃናት ድንገተኛ እንቅስቃሴዎች የሚያነሡ በመሆናቸው አንድ ላይ ልመልሳቸው ወደድሁ። ሕፃን እንደተወለደ አስቦና ፈቅዶ የሚያደርገው እንቅስቃሴ እጅግ ጥቂት ነው፤ አብዛኛውን የሚመሩለት የአንጎል ግንድና ኅብለ ሰረሰር ናቸው። ሐኪሞች ሪፍሌክስ የሚሉትም ይህንኑ ያለ ፈቃድ የሚመጣ ምላሽ ነው። የላይኛው የአንጎል ክፍል እየበሰለ ሲሄድ እነዚህን ምላሾች እየገታ በፈቃድ ለሚደረግ እንቅስቃሴ ቦታ ያስለቅቃቸዋል። ስለዚህ አንድ ምላሽ መኖሩን ብቻ ሳይሆን በግራና በቀኝ እኩል መሆኑንና በጊዜው መጥፋቱንም ማየት ያስፈልጋል።

ጥያቄ፦ የሦስት ሳምንት ልጄ እቅፌ ውስጥ ተኝቶ ሳለ አልጋው ላይ ሳስቀምጠው ሁለት እጆቹን ዘርግቶ ይበረግግና ያለቅሳል። ምን አስፈርቶት ይሆን?

መልስ፦ ያዩት የሞሮ ሪፍሌክስ የሚባለው ነው፤ ስሙን ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1918 ካብራራው ከኦስትሪያ ተወላጁ የሕፃናት ሐኪም ከኤርንስት ሞሮ ነው። የሕፃኑ ጭንቅላት ጥቂት እንኳ ወደ ኋላ ዘንበል ሲል የውስጠኛው ጆሮ ሚዛን ጠባቂ ክፍል «እየወደቅሁ ነው» የሚል ያህል መልእክት ይልካል። ሕፃኑም እጆቹን ወደ ጎን ይወረውራል፣ ጣቶቹን ይከፍታል፣ ከዚያም አንድ ነገር እንደሚያቅፍ ሁሉ እጆቹን ወደ ደረቱ ይሰበስባል፤ ልቅሶው ብዙውን ጊዜ በዚህ መጨረሻ ላይ ይመጣል። ድንገተኛ ድምፅም ይህንኑ ሊያስነሣ ይችላል። እንደ ሕመም የሚቆጠር አይደለም፤ ከ4 እስከ 6 ወር ባለው ጊዜ ውስጥ እየደከመ ይጠፋል።

ለእርስዎ የሚጠቅመው ግን አቀማመጡን መለወጥ ነው። ልጁን ከሰውነትዎ ሳያርቁ ወደ አልጋው ጎንበስ ይበሉ፤ መጀመሪያ መቀመጫውን፣ ቀጥሎ ጀርባውን፣ በመጨረሻ ጭንቅላቱን ያሳርፉ። ከሥሩ እጅዎን ሲያወጡ ሌላውን እጅዎን ደረቱ ላይ ለአፍታ ያቆዩት። በጨርቅ የሚጠቀልሉትም ከሆነ በጀርባው ብቻ ያስተኙት፣ ዳሌውና እግሮቹ እንዲንቀሳቀሱ ላላ ያድርጉለት፤ ለመገልበጥ መሞከር ሲጀምር ደግሞ መጠቅለሉን ያቁሙ።

ጥያቄ፦ የእኔ ልጅ ስትበረግግ የምትዘረጋው ቀኝ እጇን ብቻ ነው። ችግር አለው?

መልስ፦ አዎ፣ ይህ ሳይዘገይ በሐኪም መታየት አለበት። በወሊድ ጊዜ ከአንገት ሥር ወደ ትከሻ የሚያልፈው አጥንት ተሰብሮ ወይም ወደ ክንድ የሚወርዱት ነርቮች ተለጥጠው ሊሆን ይችላል። የአጥንቱ ስብራት በጨቅላነት በአብዛኛው በሚገባ ይገጥማል፤ የነርቭ ጉዳት ግን ቀደም ብሎ መታወቁ ለክትትሉ ትልቅ ዋጋ አለው። እስከዚያው ያንን እጅ ይዘው አይጎትቱ።

ጥያቄ፦ ጉንጩ በተነካ ቁጥር ወደዚያው ዞሮ አፉን ይከፍታል። ሁልጊዜ እየራበው ነው ማለት ነው?

መልስ፦ ሁልጊዜ አይደለም። ጡት ፍለጋ የሚያደርገው ይህ ምላሽ ጠግቦ ሳለም ሊመጣ ይችላል፤ ረሃቡን ለመለየት እጁን ወደ አፉ መውሰዱን፣ ከንፈሩን መምጠጡንና መቁነጥነጡን አብረው ይመልከቱ። ምላሹ ለማጥባት ግን መልካም ረዳት ነው። በጡትዎ ጫፍ የላይኛውን ከንፈሩን ዳሰስ ያድርጉና አፉን በሰፊው እስኪከፍት ይታገሡት። ብዙ ሰዎች ለመርዳት ብለው ሌላኛውን ጉንጩን ይዘው ወደ ጡት ይገፉታል፤ ሕፃኑ ግን ወደተነካበት ወደዚያኛው ጎን ስለሚዞር እናትም ልጅም በከንቱ ይደክማሉ። ያለ ጊዜያቸው የተወለዱ ሕፃናት መጥባትን፣ መዋጥንና መተንፈስን ማስተባበር የሚችሉት በአብዛኛው ከ34ኛው የእርግዝና ሳምንት ገደማ ጀምሮ በመሆኑ ከእነርሱ ጋር ትዕግሥት ያሻል።

ጥያቄ፦ ልጃችን በተወለደ ሰሞን አቁመን ስንይዘው እግሮቹን እያፈራረቀ ይራመድ ነበር። ሁለት ወር ሲሞላው ተወው። ወደ ኋላ ቀረብን ይሆን?

መልስ፦ አልቀረም። ይህ ምላሽ በ2 ወር ገደማ መጥፋቱ የታወቀ ነው። አስተር ቴለን የተባለች ተመራማሪ ከባልደረቦቿ ጋር እ.ኤ.አ. በ1984 ያቀረበችው ጥናት ስለ አንድ ምክንያት ፍንጭ ይሰጣል፦ እርምጃቸው የቀነሰ ሕፃናት እስከ ደረታቸው ድረስ ውኃ ውስጥ ሲያዙ እግራቸውን እንደገና ያፈራርቁ ነበር። በእነዚህ ወራት እግር ከጡንቻው ጉልበት ይልቅ በክብደት ፈጥኖ ስለሚያድግ ለማንሣት ይከብዳል ማለት ነው። የዚህን ምላሽ መጥፋት የመራመድ መዘግየት ምልክት አድርጋችሁ አትውሰዱት።

ጥያቄ፦ መበርገግን ከሚጥል በሽታ እንዴት እለያለሁ?

መልስ፦ ከጥያቄዎቹ ሁሉ በጥንቃቄ እንዲነበብልኝ የምፈልገው የዚህኛውን መልስ ነው። ሕፃኑ ሲያለቅስ ወይም ልብሱ ሲወልቅ አገጩ ወይም እጁ ቢርገበገብ እጁን በቀስታ አጠፍ አድርገው ይያዙት። ተራ መርገብገብ ሲያዝ ይቆማል፤ የሚጥል በሽታ እንቅስቃሴ ግን በእጅዎ ውስጥም ይቀጥላል፣ ዓይን ወደ አንድ ጎን መሄድ ወይም የመልክ መለወጥ አብሮት ሊታይ ይችላል። ትንፋሹ ከተቆራረጠ፣ ከንፈሩ ከጠቆረ ወይም መንቀጥቀጡ ካልቆመ ወዲያውኑ የድንገተኛ ሕክምና ያስፈልገዋል።

ሌላው ብዙዎች «መበርገግ ነው» ብለው የሚያልፉት ነገር አለ። አብዛኛውን ጊዜ በመጀመሪያው ዓመት ውስጥ፣ በተለይም ከ3 ወር በኋላ የሚጀምር የሚጥል በሽታ ዓይነት አለ፤ ሕፃኑ ድምፅም ንክኪም ሳይኖር አንገቱን ደፍቶ እጆቹን በድንገት ይዘረጋል ወይም ይሰበስባል፣ ጥቂት ሰከንዶች አርፎም ይደግመዋል፣ ደጋግሞም ይመጣበታል። በተለይ ከእንቅልፍ ሲነቃ ይታያል። ሞሮ አንድ ጊዜ ነው፣ ምክንያትም አለው፤ ይህኛው በተከታታይ ይመጣል። እንዲህ ያለ ነገር ካዩ በስልክዎ ቀርጸው በዚያው ቀን ለሐኪም ያሳዩ፤ ሕክምናው መዘግየቱ የልጁን የአእምሮ እድገት ሊጎዳ ስለሚችል ቀጠሮ እስኪደርስ አይጠብቁ።

ጥያቄ፦ ጣቴን ከያዘ አይለቅም። በጉልበት ላስለቅቀው?

መልስ፦ የእጁን ጀርባ በቀስታ ይዳብሱለት፤ ጣቶቹ ራሳቸው ይከፈታሉ። ይህ ጥብቅ አያያዝ እስከ 6 ወር ገደማ ይጠፋል። ጣትዎን ይዞ ሳለ ወደ ላይ አንሥተው ጥንካሬውን ለመፈተን ግን ፈጽሞ አይሞክሩ፤ በድንገት ሊለቅ ይችላል።

ጥያቄ፦ የውስጥ እግሩን ስነካው አውራ ጣቱ ወደ ላይ ይነሣል። ይህ የነርቭ ሕመም ምልክት ነው ሲባል ሰምቻለሁ።

መልስ፦ በአዋቂ ላይ ሲታይ ነው እንጂ በሕፃን ላይ አይደለም። ምልክቱን እ.ኤ.አ. በ1896 ያሳወቀው ፈረንሳዊው የነርቭ ሐኪም ዦዜፍ ባቢንስኪ ሲሆን፣ በአዋቂ ሰው ላይ ከአንጎል ወደ ኅብለ ሰረሰር የሚወርደው የነርቭ መስመር መጎዳቱን ያመለክታል። በሕፃን ግን ያ መስመር ገና ስላልበሰለ እስከ 2 ዓመት ድረስ ሊታይ ይችላል፤ ከዚያ ካለፈ ወይም በአንድ እግር ብቻ ከሆነ ሐኪም ይየው።