ሐረጎን ጸጥ ብላ ወጥታ ሐርቡ ላይ የምትንቀጠቀጥ ኮሮላ

የመኪና ጥያቄና መልስ። መላሹ ኮምቦልቻ ውስጥ 27 ዓመት በጋራዥ ሥራ ያሳለፉት አምደኛችን ናቸው።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ እንደምን ከረሙ? የምኖረው ደሴ ነው፣ ሆጤ አካባቢ። የምነዳው 2004 ስሪት ኮሮላ ኦቶማቲክ ነው። ለሥራ በሳምንት ሦስት ቀን ከሚሴ እመላለሳለሁ። ኮምቦልቻን አልፌ የሐርቡ መንገድ ላይ 70፣ 80 ስገባ መኪናዋ ትንቀጠቀጣለች። አስፋልቱ ድንገት ፒስታ የሆነ ነው የሚመስለኝ። አምስት ስድስት ሰከንድ ቆይቶ ይጠፋል፣ ደግሞ ይመለሳል። ነዳጅ ጠበቅ አድርጌ ስሰጣት ይተዋታል። ስመለስ ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ የሚያስወጣ ዳገት አለ፣ ሐረጎ። ሐረጎን ስወጣ ግን ምንም የለም። ጎማ ባላንስ አሠራሁ፣ ለውጥ የለም። አንዱ ጋራዥ “ካምቢዮው ይውረድ” አለኝ። ሌላው “ያገለገለ ካምቢዮ ገዝተህ ቀይር” አለኝ። ከገዛኋት ሦስት ዓመቴ ነው፣ የካምቢዮ ዘይት ቀይሬ አላውቅም። ምን ላድርግ?

መልስ፦ አብሽር። ካምቢዮው አሁን አይወርድም።

ከደብዳቤህ ውስጥ ደስ ያለችኝ አንዲት መስመር ነች፤ “ሐረጎን ስወጣ ግን ምንም የለም” ያልካት። አንተ ሳታውቀው ግማሹን ምርመራ ሠርተህልኛል። ለምን እንደሆነ እነግርሃለሁ፣ መጀመሪያ ግን ዕቃውን እንተዋወቅ።

በእጅ ማርሽ መኪና ላይ ሞተሩንና ካምቢዮውን የሚያገናኘው ፍሪሲዮን ነው። ኦቶማቲክ ላይ እዚያ ቦታ የተቀመጠው ቶርክ ኮንቨርተር ነው። በዘይት የተሞላ ድፍን የብረት ድስት በለው። ውስጡ ክንፍ ያላቸው ሁለት ጎማዎች ፊት ለፊት ተቀምጠዋል። አንዱን ሞተሩ ያዞረዋል፣ እሱ ዘይቱን ይገፋል፣ ዘይቱ ደግሞ ሁለተኛውን ይገፋል። የውሃ ወፍጮ ያየ ሰው ቶሎ ይገባዋል። ጎማውን የሚያዞረው ውሃው ነው፣ ግን ውሃው ሁልጊዜ ከጎማው ይፈጥናል። እዚህም ሞተሩ ከካምቢዮው ትንሽ ይቀድማል። ስትነሳና ዳገት ስትወጣ ይህ መንሸራተት ይጠቅምሃል። ሜዳ ላይ ግን ነዳጅ ይበላል፣ ዘይቱንም ያግለዋል።

ስለዚህ ኮንቨርተሩ ውስጥ አንድ ፍሪሲዮን ተጨመረ። ሞተሩ ሞቆ፣ ፍጥነቱ ከፍ ብሎ፣ እግርህ ነዳጁ ላይ ረጋ ሲል ኮምፒውተሩ አንድ ሶሌኖይድ፣ ማለትም በኤሌክትሪክ የሚከፈትና የሚዘጋ የዘይት በር፣ ያዛል። የዘይት ግፊቱ ፍሪሲዮኑን ያስይዘውና ሁለቱ ጎማዎች እኩል ይዞራሉ። ሎካፕ የምንለው ይህን ነው። ብዙ ሰው “አምስተኛ ማርሽ ገባ” ብሎ የሚያስበው ትንሽዬ የዙር መውረድ እሱ ነው። ፍሬን ስትነካ ይለቃል። ነዳጅ ጠበቅ ስታደርግም እንዲሁ።

አሁን ወደ ሐረጎ እንመለስ። እዚያ መጠምዘዣው ብዙ ነው፣ ፍጥነቱ ዝቅ ያለ ነው፣ ነዳጁ የተረገጠ ነው። ሎካፑ የሚይዝበት ዕድል የለውም ማለት ይቻላል። ሞተሩ ግን ጉልበቱን ሁሉ አውጥቶ የሚሠራው እዚያው ነው። የደከመ ካንዴላ ወይም ለካንዴላው እሳት የሚሰጠው ኮይል ቢኖርህ ሐረጎ ላይ ያጋልጥህ ነበር። የሐርቡ ሜዳ ተቃራኒው ነው። ሞተሩ አይጨነቅም፣ ሎካፑ ግን ይይዛል። ስለዚህ እኔ ሞተር የምፈትነው ሐረጎ ላይ ነው፣ ሎካፕ የምፈትነው ሐርቡ ላይ። ብዙ ደንበኛ ደሴ ከተማ ውስጥ አንድ ዙር ነድቶ “ይኸው ደህና ነው” ይለኛል። ፒያሳ ላይ ባጃጅ እየተከተልክ በ25 ስትሄድ ሎካፕ ከየት ይመጣል?

ፈተናው እንዲህ ነው። መኪናዋ በደንብ ትሙቅ። መንገዱ ቀጥ ያለበት ቦታ፣ ከኋላህ አይሱዙም አውቶቡስም አለመኖሩን አይተህ፣ 80 ላይ ያዛት። መንቀጥቀጡ ሲጀምር ቀኝ እግርህን ነዳጁ ላይ ሳታነቃንቅ በግራ እግርህ ፍሬኑን ንካው። የፍሬን መብራቱ እስኪበራ ድረስ ብቻ ነው፣ እንዳትረግጠው። እዚህ ላይ አደራ። የግራ እግር ፍሪሲዮን የለመደ እግር ነው፤ ፍሬን ሲያገኝ ወለሉ ድረስ ይደፍቀዋል። አንድ ጓደኛዬ ይህን ፈተና ሊያሳየኝ ብሎ ሁለታችንንም ከመስታወቱ ጋር ሊያጋጨን ነበር። ቆመህ ተለማመድ።

ፍሬኑን ስትነካ የዙር መቁጠሪያውን እይ። ሎካፑ ይዞ ከነበረ ዙሩ ከ200 እስከ 400 ያህል ይወጣል፣ ስትለቀው ከአፍታ በኋላ ተመልሶ ይወርዳል። መንቀጥቀጡም ፍሬኑን በነካህበት ቅጽበት ቁርጥ ካለ ጣትህን ወደ ሎካፑ ቀስር። ካልቆመ ደግሞ ሌላ ቦታ ፈልግ፤ ጎማ፣ የፊት እግር፣ የሞተር መቀመጫ ጎማ።

ብዙ መካኒክ እዚህ ላይ ያቆማል። እኔም አቁሜ ነበር፣ ያውም ከስሬ ነው የተማርኩት። ከብዙ ዓመት በፊት ልክ ያንተን የመሰለች መኪና መጣችልኝ። ሐርቡ ወስጄ ፍሬኑን ነካሁ፣ መንቀጥቀጡ ጠፋ። “ኮንቨርተር ነው” አልኩ በኩራት። ካምቢዮውን አወረድኩ፣ ኮንቨርተር ተቀየረ፣ ሁለት ቀን ሙሉ ሠራን። መኪናዋን አውጥቼ 80 ላይ ስደርስ እንደ ቀድሞው ተንቀጠቀጠች። ጥፋቱ የአንድ ኮይል ነበር። ሎካፑ ሲይዝ በሞተሩና በካምቢዮው መካከል የዘይት ትራስ የለም፤ አንድ ሲሊንደር ቢያነክስ፣ ማለትም ነዳጁን ሳያቃጥል ቢዘል፣ ንቅናቄው በቀጥታ ወንበርህ ድረስ ይመጣል። ፍሬን ስትነካ ዘይቱ መሃል ይገባና ማንከሱን ይደብቀዋል። ፈተናው እውነቱን ነበር የነገረኝ፣ እኔ ነኝ በግማሽ የሰማሁት። የባለቤቱን ገንዘብ መለስኩ። ሚስቴ እስከ ዛሬ መኪና በተንቀጠቀጠ ቁጥር “ኮይሉን አይተኸዋል?” እያለች ትስቅብኛለች።

ስለዚህ ሁለት ነገር ጨምር። አንደኛ፣ የማርሹ ዘንግ ላይ ያለችውን፣ አራተኛ ማርሽን የምትከለክለውን የኦቨርድራይቭ ቁልፍ ተጭነህ በሦስተኛ ማርሽ ዳገት አስወጣት፣ ነዳጁንም ጠበቅ አድርግ። ካነከሰች ሞተሩን ጠርጥር። ያንተ ሐረጎን በንጽሕና ስለወጣች እዚህ ላይ ተርፈሃል ብዬ አስባለሁ። ሁለተኛ፣ ኮምፒውተሩ የመዘገበውን የብልሽት ኮድ አስነብብ። ከፒ0300 እስከ ፒ0304 ያለው የሞተር ማንከስ ነው። ፒ0741 ከሆነ ሎካፑ እንደታዘዘው አልያዘም ማለት ነው። ፒ0743 ስለ ሶሌኖይዱ ኤሌክትሪክ ይናገራል። ኮድ ከሌለም አትደነቅ። መንቀጥቀጥ ሲጀምር ኮምፒውተሩ ብዙ ጊዜ ገና አያውቀውም፤ መቀመጫህ ቀድሞት ያውቃል።

ሁሉም ወደ ሎካፑ ካመለከተ ቀጣዩ ዘይቱ ነው። ሦስት ዓመት አልቀየርኩም ብለሃል፣ ከአንተ በፊት የነበረው ሰውም ስለመቀየሩ ማረጋገጫ የለህም። የካምቢዮ ዘይት ፍሪሲዮኑ ለስለስ ብሎ እንዲይዝ የሚያደርግ ቅመም አለው። ቅመሙ ሲያልቅ ፍሪሲዮኑ ይይዛል፣ ይለቃል፣ ይይዛል፣ ይለቃል። ጠመኔ በሰሌዳ ላይ ቀጥ አድርገህ ስትገፋው እንደሚንጠረጠረው ማለት ነው።

ዘይቱን የምታየው ሞቆ፣ ሞተሩ እየሠራ፣ ማርሹ ፒ ላይ ሆኖ ነው። ነጭ ጨርቅ ላይ ጥረገው። ቀይ ወይም ፈዘዝ ያለ ቡናማ ከሆነ ተስፋ አለ። ጠቁሮ የተቃጠለ ከሸተተ ተስፋው ቀንሷል። የታችኛው የዘይት ሳህን ሲፈታ ውስጡ ማግኔቶች አሉ። እነሱ ላይ እንደ ጭቃ የላመ ግራጫ ነገር ቢኖር የተለመደ ነው። የብረት ፍንጣሪ ካየህ ግን ዘይት መቀየር አያድንህም።

ስትቀይር አንድ ጊዜ አፍስሶ መሙላት አይበቃም። ከሳህኑ የሚወጣው ከጠቅላላው ግማሽ አይሞላም፣ የቀረው ኮንቨርተሩ ውስጥ ተኝቷል። ቀይር፣ አንድ ሳምንት ንዳ፣ እንደገና ቀይር፣ ሦስተኛም ድገም። ዓይነቱ መለኪያ ዘንጉ ላይ ወይም በመኪናው መጽሐፍ የተጻፈው ይሁን። ቲ-4 ካለ ቲ-4 ነው። “ቀይ ዘይት ሁሉ አንድ ነው” የሚልህን ሱቅ አመስግነህ ውጣ። እንዲህ አድርገው መንቀጥቀጡ የጠፋላቸው ብዙ መኪናዎች በእጄ አልፈዋል።

ካልጠፋ ያኔ ኮንቨርተሩ ነው፣ ካምቢዮውም ይወርዳል። ያገለገለ ካምቢዮ ግዛ የሚለውን ምክር ግን እርሳው። የማታውቀውን ሰው ያረጀ ኮንቨርተር ነው አብረህ የምትገዛው። አሮጌውን ኮንቨርተር ቆርጦ፣ ጠግኖ፣ መልሶ በብየዳ የሚዘጋ ሰው ከመጣም ባላንስ የሚያደርግበት ማሽን እንዳለው ጠይቀው።

ጥያቄ፦ ደሴ እኖራለሁ፣ ሐይቅ አስተምራለሁ። መኪናዬ ኮሮላ ኦቶማቲክ ናት። ክረምት ላይ ሐረጎን ስወጣ ሞተሩ ጋለ። ጋራዥ ቴርሞስታቱን አውጥተው ጣሉት፣ ከዚያ ወዲህ አልጋለም። ግን ቤንዚን በጣም ትበላለች። ድሮ 80 ላይ 2,000 አካባቢ የነበረው ዙር አሁን ጠዋት ጠዋት 3,000 ይጠጋል። ቀን ከኮምቦልቻ ስመለስ አንዳንዴ ደህና ትሆናለች። ካምቢዮው ሊበላሽ ነው?

መልስ፦ መምህርት፣ መልሱን ራስዎ ጽፈውታል፤ ቴርሞስታቱ ነው። ሞተሩ እስኪሞቅ ውሃው ወደ ራዲያተሩ እንዳይሄድ የሚዘጋው እሱ ነበር።

ኮምፒውተሩ ሞተሩ ካልሞቀ ሎካፕ አያስይዝም፣ አራተኛ ማርሽንም ይከለክላል። ቁጥርዎን ይመልከቱ። ሎካፑ ብቻ ቢቀር ዙሩ በ300፣ በ400 ነበር የሚወጣው። በ1,000 የወጣው አራተኛ ማርሹም ስላልገባ ነው። ሁለቱን በአንድ ጊዜ የሚከለክል አንድ ነገር ቢኖር የውሃው ሙቀት ነው። ቴርሞስታት የሌለው ሞተር በደሴ ጠዋት ብርድ፣ የጦሳ ንፋስ እየመታው፣ ሐይቅ እስኪደርሱ አይሞቅም። ከኮምቦልቻ ሲመለሱ ሐረጎ አሙቆ ይሰጥዎታል፣ ደህና የምትሆነው ለዚህ ነው።

አዲስ ቴርሞስታት ያስገቡ። መጀመሪያ ያጋለውን ግን ይፈልጉለት፤ የተደፈነ ራዲያተር፣ የማይዞር ፋን፣ ውሃ የሚያፈስ የጎማ ቱቦ። ቴርሞስታት አውጥቶ መጣል ትኩሳት ያለበትን ልጅ ልብሱን አውልቆ በረንዳ ላይ እንደ ማስቀመጥ ነው። በዚህ ነገር ከሙያ ጓደኞቼ ጋር ብዙ ተጨቃጭቄያለሁ።

ጋራዥ ከመሄድዎ በፊት ግን ሁለት ነገር ይዩልኝ። የኦቨርድራይቭ መብራት ዳሽቦርዱ ላይ በርቶ ከሆነ ቁልፉ ተነክቷል፤ አንድ ደንበኛዬን ለሁለት ወር ቤንዚን ያስበላው የልጁ ጣት ነበር። ሌላው፣ ማታ መኪናዋን አቁመው ከኋላ ይመልከቱ። እግርዎ ፍሬን ላይ ሳይሆን የፍሬን መብራት ከበራ ስዊቹ ተበላሽቷል። ኮምፒውተሩ ፍሬን የያዙ ስለሚመስለው ሎካፑን አያስይዝም።

ጥያቄ፦ ከባቲ ነው የምጽፍልዎ። 1998 ስሪት ፕራዶ ኦቶማቲክ አለኝ። ረጅም መንገድ ነድቼ ከተማ ስገባ፣ ፍሬን ይዤ ልቆም ስል ሞተሩ ተንገጫግጮ ይጠፋል። ወዲያው ይነሳል።

መልስ፦ በእጅ ማርሽ መኪና ፍሪሲዮን ሳይረግጡ እንደ ማቆም ማለት ነው። ሎካፑ ይዞ አልለቅ ብሏል። ለማረጋገጥ፣ ልትቆም ስትል ማርሹን ኤን ላይ አድርገው። ኤን ላይም ከጠፋ ችግሩ የሞተሩ ስራ ፈት ዙር ነው፤ የአየር መግቢያውን አስጸዳ። ኤን ላይ ካልጠፋ ሎካፑን ጠርጥር። በዚህ ዕድሜ ቶዮታ ላይ የኦቨርድራይቭ መብራት ብልጭ ድርግም እያለ ኮድ ይቆጥራል፤ 64 ከሆነ የሎካፕ ሶሌኖይድ መስመር ነው። ሶሌኖይዱን በቴስተር ሲለኩት ከ11 እስከ 15 ኦም ቢያሳይ ኤሌክትሪኩ ደህና ነው። ያ ማለት ግን ሶሌኖይዱ ራሱ ይንቀሳቀሳል ማለት አይደለም። በቆሻሻ የተጣበቀ ሶሌኖይድ ኮድ ሳይሰጥ ያስቸግራል። ሳህኑን አስፈትተህ ዘይቱንም ፊልትሮውንም አስቀይር፣ ሶሌኖይዱም ወጥቶ በባትሪ ይሞከር፤ “ጠቅ” ካላለ አዲስ ግዛ።

ጥያቄ፦ ቪትዜ ሲቪቲ ነው ይላሉ። ከኮሮላ የተረፈኝ የካምቢዮ ዘይት አለ፣ ልጨምርበት?

መልስ፦ አትጨምር። ሲቪቲ በማርሽ ፈንታ በቀበቶ የሚሠራ ካምቢዮ ነው፤ የራሱ ዘይት አለው፣ ቀበቶውም ያለዚያ ዘይት ይንሸራተትና ይበላል። የተረፈህን ከላይ ለጻፈው ለሆጤው ልጅ ሽጥለት፣ ቲ-4 ከሆነና ካልተከፈተ።