ጥቅል ጎመን በስሎው ኩከር፦ ውሃውን ማን ጨመረው?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ዴንቨር ነው። ባለቤቴም እኔም ሥራ ስለምንውል ስሎው ኩከር (ለሰዓታት በዝግታ የሚያበስል የኤሌክትሪክ ድስት) ገዛን። ለጾም ብዬ ጥቅል ጎመን፣ ካሮትና ድንች ከነሽንኩርቱ ከትቼ፣ ሁለት ኩባያ ውሃ ጨምሬ ለ8 ሰዓት ያህል «ሎው» (ዝቅተኛው ሙቀት) ላይ ተውኩት። ስመለስ ጎመኑ ሾርባ ውስጥ ይዋኛል፣ ሽንኩርቱ ጥሬ ጥሬ ይላል፣ ድንቹ መሐሉ ጠንካራ ነው፣ ቤቱም ሸቷል። ልጆቹ አልነኩትም። የት ላይ ነው የተሳሳትኩት?

መልስ፦ ዋናው ስህተት ሁለት ኩባያ ውሃው ነው። ድስት ላይ ሲሠሩ እንፋሎቱ ይወጣል፣ ወጡም እየጠና ይመጣል። ስሎው ኩከር ውስጥ ግን የሚተን ነገር የለም ማለት ይቻላል፤ እንፋሎቱ የመስተዋት ክዳኑ ላይ ውሃ ይሆንና ጠርዝ ጠርዙን ይዞ ተመልሶ ይንጠባጠባል። ጥቅል ጎመን ደግሞ ከ100 እጁ 92 ያህሉ ውሃ ነው። አንድ ኪሎ ጎመን ከተቱ ማለት ወደ አንድ ሊትር የሚጠጋ ውሃ ከተቱ ማለት ነው። ከዚያ በላይ የሚያስፈልገው ሩብ ኩባያ ብቻ ነው፤ እሱም ሽንኩርቱ የተቁላላበትን መጥበሻ ለማለቅለቅ ነው እንጂ ለመቀቀያ አይደለም።

ሽንኩርቱን በተመለከተ፦ ዕቃው ውስጥ ያለው ሙቀት ውሃ ከሚፈላበት ስለማያልፍ ቁሌት አይሠራም። ሽንኩርት ውሃ ውስጥ ስምንት ሰዓት ቢቆይ ይቀቀላል እንጂ አይቁላላም። ይህችን አሥር ደቂቃ ምድጃ ላይ መክፈል ግድ ነው። ዕቃውን ከሸጡት ሰዎች «ሁሉንም ከተው ይሂዱ» የሚለውን ሰምተው ከሆነ፣ ያ ምክር ለአበሻ ወጥ አይሆንም።

ለ6 ሰው፣ 6 ሊትር ገደማ በሚይዝ ዕቃ እንዲህ ይሥሩት። ሁለት ትልልቅ ቀይ ሽንኩርት በቁመቱ ቀጠን አድርገው ይክተፉ። ሲሶ ኩባያ ዘይት መጥበሻ ላይ አግለው ሽንኩርቱን በመካከለኛ እሳት 10 ደቂቃ ያቁላሉ፤ አልጫ ስለሆነ ለስልሶ ብርሃን ማሳለፍ ሲጀምር ይበቃዋል፣ መቅላት የለበትም። 5 ፍሬ የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርትና አንድ የሾርባ ማንኪያ የተፈጨ ዝንጅብል ጨምረው አንድ ደቂቃ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ እርድ ጨምረው ሌላ ግማሽ ደቂቃ ያማስሉ። እርድ ዘይት ካላገኘ ቀለሙም መዓዛውም አይወጣም፤ ከቆየ ደግሞ ያርርና ይመራል። (የፕላስቲክ ማማሰያ አይጠቀሙ፣ ቢጫው አይለቅም።) ሩብ ኩባያ ውሃ አፍስሰው መጥበሻውን ፋቅ ፋቅ ያድርጉና ሁሉንም ወደ ዕቃው ይገልብጡ።

4 መካከለኛ ድንችና 4 ካሮት ልጠው በ2 ሴንቲ ሜትር ውፍረት ይቁረጡ። ድንቹን ታች፣ የዕቃውን ውስጠኛ የሸክላ ድስት አስጠግተው ይደርድሩት፤ ካሮቱ ከላዩ ይሁን። አብዛኛው ዕቃ የሚግለው በጎንና በጎኑ ስለሆነ መሐል ላይ የተንሳፈፈ ድንች ሁልጊዜ ወደኋላ ይቀራል። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ነስንሰው ከድነው «ሃይ» (ከፍተኛው ሙቀት) ላይ ለ2 ሰዓት ይተዉት።

ከዚያ ጎመኑን ይክተቱ። አንድ ኪሎ የሚመዝነውን ጥቅል ለአራት ሰንጥቀው መሐሉ ያለውን ጠንካራ ግንድ ያውጡ፤ ቅጠሉን ሁለት ጣት ስፋት አድርገው ይቁረጡ። ሲሞላ ክዳኑን ሊገፋ ይችላል፤ አይጨነቁ፣ በግማሽ ሰዓት ውስጥ ይሟሽሻል። ክዳኑ ግን መግጠም አለበት። ካልገጠመ ሲሶውን ለጊዜው አስቀርተው፣ የመጀመሪያው ሲወርድ ይጨምሩት። ከአንድ ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት ባለው ጊዜ ይደርሳል። ሊያወጡ 15 ደቂቃ ሲቀር 3 የተሰነጠቀ ቃሪያ ጣል አድርገው ቀሪውን ጨው፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ገደማ፣ እየቀመሱ ይጨምሩ። ጨው መጀመሪያ ላይ በሙሉ የሚጨምር ሰው ጥሬውን ክምር አይቶ ነው የሚመጥነው፤ ክምሩ ሲሟሽሽ ጨዋማ ይሆንበታል።

ሽታው የመጣው ከቆይታው ነው። ጎመን ውስጥ ድኝ ያለባቸው ነገሮች አሉ፤ በስሱ ሲበስል ጣፋጭ መዓዛ ይሰጣሉ፣ ለረጅም ጊዜ ሲንተከተክ ግን ወደ እንቁላል ዓይነት ሽታ ይለወጣሉ። ስሎው ኩከር መጀመሪያውኑ ለጎመን የታሰበ ዕቃ አልነበረም። ቺካጎ ውስጥ ኢርቪንግ ናክሶን እ.ኤ.አ. በ1940 የፈጠራ መብት ያገኘበት ዕቃ መነሻው የሊትዌኒያ አይሁዶች ለሰንበት ብለው ዓርብ ማታ ዳቦ ቤት ምድጃ ውስጥ የሚያሳድሩት የባቄላና የሥጋ ወጥ ነው። ሌሊቱን ሙሉ የሚፈልገው ባቄላና ጠንካራ ሥጋ ነው፤ ጎመን ሁለት ሰዓት ይበቃዋል።

«ሁለት ሰዓት ቆይቶ ጎመን የሚጨምር ሰው ቤት የለም» ካሉ ሁለተኛ መንገድ አለ። ጎመኑን አይክተፉት፤ ከነግንዱ ለስምንት ሰንጥቀው ቁራጮቹን ከድንቹና ከካሮቱ በላይ ደርድረው «ሎው» ላይ 7 ሰዓት ያድርጉት። ግንዱ ቅጠሉን አያይዞ ስለሚይዘው አይፈርስም፣ ሽታውም ይቀንሳል። እንደ መጀመሪያው አይጣፍጥም፣ ግን ይበላል። ዕቃዎ ሰዓት የሚሞላ ከሆነ 7 ሰዓቱ ሲያልቅ ራሱ ወደ «ዋርም» (ሙቀት መጠበቂያ) ይዞራል። «ሎው»ና «ሃይ» መጨረሻ ላይ የሚደርሱበት ሙቀት ተቀራራቢ ነው፤ ልዩነቱ የሚደርሱበት ፍጥነት ነው።

አንድ ነገር ለዴንቨር ብቻ፦ ከተማዎ 1,600 ሜትር ከፍታ ላይ ስለሆነ ውሃው 95 ዲግሪ ገደማ ላይ ይፈላል። ድንችና ካሮት ይህን ያውቁታል፤ ባሕር ዳርቻ ላሉ ሰዎች ከተጻፈው ሰዓት ላይ ግማሽ ሰዓት ይጨምሩላቸው። ክዳኑንም አይክፈቱ። አንድ ጊዜ ከፍቶ ማማሰል ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ወደኋላ ይመልሳል። ቲማቲም መጨመር ከወደዱም ድንቹ ከለሰለሰ በኋላ ይሁን፤ የቲማቲም ኮምጣጣነት ድንችን ያጠነክረዋል።

ጥያቄ፦ ጾሙ ሲፈታ ሥጋ ልጨምርበት አስቤ ነበር። ቀይ ቦሎቄም ቢገባ ልጆቹን ያጠግባል። አብሮ ይሄዳል ወይ? (ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ አሜሪካ)

መልስ፦ ሥጋው በደንብ ይሄዳል። 700 ግራም የበሬ ትከሻ በ3 ሴንቲ ሜትር ይቁረጡ፣ ቁሌቱ ላይ አገላብጠው ይጥበሱና ከድንቹም በታች ያስገቡት። «ሎው» ላይ 7 ሰዓት፤ ጎመኑ «ሃይ» አድርገው ለመጨረሻው አንድ ሰዓት ተኩል። ዘይቱን ወደ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ይቀንሱ፣ ሥጋው የራሱን ስብ ይለቃል፤ በምትኩ መጨረሻ ላይ አንድ ማንኪያ ቅቤ ቢያደርጉበት አይከፋም። በረዶ የሆነ ሥጋ በፍጹም አይክተቱ፤ ሞቅ እስኪል ሰዓታት ስለሚፈጅ ለጀርም የተመቸ ይሆናል። ዋዜማውን ፍሪጅ ውስጥ ይቅለጥ።

ቀይ ቦሎቄ ላይ ግን ጥብቅ ነን። ጥሬው ውስጥ ሆድ የሚያገለባብጥና የሚያስመልስ መርዝ አለ። የሚጠፋው በሚንተከተክ ውሃ ሲሆን ስሎው ኩከር ብዙ ጊዜ እዚያ አይደርስም። ቢያንስ 5 ሰዓት ዘፍዝፈው ውሃውን ይድፉ፣ በአዲስ ውሃ ምድጃ ላይ 30 ደቂቃ ያንተክትኩ፣ ከዚያ ይጨምሩ። የቆርቆሮው ቦሎቄ የበሰለ ስለሆነ አጥቦ መክተት ይቻላል።

ጥያቄ፦ እህቴ ከአሜሪካ ስሎው ኩከር ልትልክልኝ ነው። አዲስ አበባ ላይ ይሠራል? መብራት ሲጠፋስ?

መልስ፦ በቀጥታ ከሰኩት ያቃጥሉታል። የአሜሪካው 120 ቮልት ነው፣ የእኛ 220። 240 ዋት ተብሎ የተሠራው ማሞቂያ 220 ላይ ከ800 ዋት በላይ ይስባል። የሶኬት አዳፕተር ቅርጹን እንጂ ቮልቱን አይለውጥም፤ ስታብላይዘርም 110 መውጫ ከሌለው አያድንም። ከ220 ወደ 110 የሚያወርድ 500 ዋት ትራንስፎርመር ይግዙ። የዚያ ዋጋና ክብደት ሲታሰብ ግን እህትዎ ገንዘቡን ቢልኩልዎና 220 የሆነውን እዚሁ ቢገዙ ይሻላል።

መብራት ሲጠፋ ቤት ካሉ ወዲያው ወደ ድስት ገልብጠው በጋዝ ወይም በከሰል ይጨርሱት። ቤት ካልነበሩ፣ ባለ ማዞሪያው ዕቃ መብራት ሲመጣ ራሱ ስለሚቀጥል ስንት ሰዓት እንደቆመ አይነግርዎትም። ባለ ቁጥሩ (ዲጂታሉ) ብዙውን ጊዜ እንደጠፋ ይቀራል፤ ቀዝቅዞ ካገኙት ጎመን ብቻ ቢሆንም ይድፉት። ከፍታውንም አይርሱ፦ አዲስ አበባ ላይ ውሃ 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለሚፈላ ድንቹ «ሃይ» ላይ ብቻውን 3 ሰዓት ይፈልጋል።

ጥያቄ፦ የተረፈውን ከነሸክላው ፍሪጅ አስገብቼ በማግስቱ እዚያው ላሙቀው?

መልስ፦ አይሆንም። ወፍራም ሸክላ ሙቀት ይዞ ስለሚቆይ መሐሉ ለሰዓታት ለብ እንዳለ ይቀራል፤ ቀዝቃዛውን ሸክላ ደግሞ ሲያግሉት ሊሰነጠቅ ይችላል። ከወጣ በ2 ሰዓት ውስጥ ጎድጎድ ባላሉ ዕቃዎች ከፋፍለው ፍሪጅ ያስገቡት፣ በ4 ቀን ውስጥ ይብሉት፤ ሲያሞቁ በድስት ይሁን። በማግስቱ ውሃ የለቀቀ ከመሰለዎ ሳይከድኑ 5 ደቂቃ ያማስሉት።